ዘጌን ያጠፋሁ ጊዜ

በ2014 ዓ.ም. ክረምት፣ ባሕር ዳር ሽምብጥ ሰፈር በሚገኘው የእህቴ ቤት፣ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ዘጌን አጠፋሁ። ጣና ዳር ያለችውን፣ ገዳማቱንና የቡና ጫካውን ያቀፈችውን ዘጌ ማለቴ አይደለም፤ እሷን እግዚአብሔር ይጠብቃት። ያጠፋሁት የ11 ዓመቷ የእህቴ ልጅ በኮምፒውተር ላይ ያቀናችውን እርሻ ነው። ዘጌ ብላ ስም ያወጣችለት ራሷ ናት።

ሙያዬ ሂሳብ ነው። ነገር ግን በየቤተሰቡ «ኮምፒውተር ያውቃል» የሚባል አንድ ሰው አይጠፋምና በእኛ ዘመድ ውስጥ ዕጣው የወደቀው በእኔ ላይ ነው። ፕሪንተር እምቢ ሲል፣ ስልክ ሲሞላ፣ የአክስቴ ቴሌቪዥን በማይታወቅ ምክንያት ቋንቋውን ሲለውጥ የምጠራው እኔ ነኝ። እህቴ በዚያ ሰሞን የሁለተኛ ዲግሪ ማሟያ ጽሑፏን ለማጠናቀቅ ትጣደፍ ነበር፤ ኮምፒውተሩ ደግሞ ተነሥቶ ሥራ እስኪጀምር ሦስተኛው ቡና ይደርሳል። «አንተ፣ እባክህ ይህን ነገር አጽዳልኝ፤ ጽሑፌን ግን እንዳታጠፋብኝ» አለችኝ።

ጽሑፏን አላጠፋሁም፤ በዚህ ማንም አይወቅሰኝም። ዴስክቶፑ ላይ «ፋይናል»፣ «ፋይናል ሁለት»፣ «የታረመ ፋይናል» እና «ፋይናል ይሄ ነው» የሚሉ አራት ፋይሎች ነበሩ፤ አራቱንም ገለበጥሁ። ዶክመንትስ የሚለውን ፎልደር፣ ፎቶዎቹን፣ የሠርጓን ቪዲዮ ሳይቀር ገለበጥሁ። የልጅቷንም ጌም አልረሳሁትም፤ ሙሉ ፎልደሩን አንሥቼ ከሠርጉ ቪዲዮ አጠገብ አስቀመጥሁት። ከዚያ የዲስኩን ክፍልፋዮች በሙሉ ሰርዤ፣ ፎርማት አድርጌ፣ አዲስ ዊንዶውስ ጫንሁበት። ሁሉንም ወደየቦታው መልሼ እጄን ታጥቤ እራት ቀረብሁ።

ልጅቷ ከጎረቤት ተመልሳ ጌሙን ከፈተችው። ተከፈተ። ሙዚቃው ተሰማ፤ እኔም ጉርሻዬን ሳልውጥ በኩራት አየኋት። ቀጥላ የቆየውን ጨዋታ የሚያመጣውን ቁልፍ ስትነካ ባዶ ሰሌዳ ወጣ።

«ጋሼ፣ ዘጌ የለችም።»

«ፈልጊያት እንጂ፤ እዚያው ናት።»

«የለችም እኮ።»

ጨዋታው ስታርዲው ቫሊ ይባላል። ኤሪክ ባሮን የተባለ አሜሪካዊ ሥዕሉንም፣ ሙዚቃውንም፣ ታሪኩንም ብቻውን ከአራት ዓመት በላይ ለፍቶ እ.ኤ.አ. በ2016 ያወጣው ነው። ተጫዋቹ ከአያቱ የወረሰውን ጠፍ መሬት ይመነጥራል፣ ይዘራል፣ ከብት ያረባል፣ ዓሣ ያጠምዳል። ዓመቱ አራት ወቅት አለው፤ እያንዳንዱ ወቅት 28 ቀን ነው። አንዱ ቀን ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተነሥቶ እስከ ሌሊቱ 8 ሰዓት ሲዘልቅ በእኛ ሰዓት 14 ደቂቃ ይወስዳል። ልጅቷ ሁለት ዓመት ከ20 ቀን አርሳ ነበር። የሂሳብ ሠራተኛ ነኝና እዚያው ማዕድ ላይ በልቤ አባዛሁት፤ 244 ቀን በ14 ደቂቃ፣ 57 ሰዓት ገደማ። ከአንድ የሥራ ሳምንት በላይ ነው። ያን ሁሉ በአንድ ከሰዓት በኋላ፣ ለዚያውም እየተመሰገንሁ፣ ጠርጌ ጣልሁት።

ይህ ጨዋታ ደግሞ አንድ ጠባይ አለው፤ የደረሱበትን የሚያስቀምጠው ገበሬዋ ስትተኛ ብቻ ነው። ቀኑን ሙሉ ስትኮተኩት ውላ ከመተኛቷ በፊት መብራት ከሄደ ያ ቀን እንዳልዋለ ይቆጠራል። ከከተማችን 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ዓባይ ጢስ እሳት ላይ መብራት ማመንጨት የጀመረው በ1956 ዓ.ም. ነው፤ የዚህ ታላቅ ፏፏቴ ጎረቤት መሆን ግን ሰሌዳው ድርግም ሲል አያጽናናም። ልጅቷ ዘዴ አበጅታ ነበር። አምፖሉ አንድ ጊዜ ከተርገበገበ፣ ፀሐይ ገና በሰማይ ሳለች ገበሬዋን እያሯሯጠች ወስዳ አልጋ ላይ ትጥላታለች። «ምነው በቀን አስተኛሻት?» ስላት «መብራት ሊሄድ ነው» ትለኛለች። እንዲህ ተጠንቅቃ ያቆየችውን ነው እኔ፣ መብራት ሳይጠፋ፣ በገዛ እጄ ያጠፋሁት።

ስሕተቴ የት እንደሆነ የገባኝ አልጋዬ ላይ ነው። ሰው ሁሉ የሚሳሳተው ስሕተት ነውና ትንሽ ልቆይበት። ጌሙ ያለበት ቦታና የተጫዋቹ ታሪክ ያለበት ቦታ አንድ አይደለም። ጌሙ ሲጫን አንድ ቦታ ይቀመጣል፤ ተጫዋቹ የደረሰበት ደግሞ በዚያ ኮምፒውተር ተጠቃሚ ስም በተከፈተው ማኅደር ውስጥ ይጻፋል። ምክንያቱም አንዱን ኮምፒውተር ሦስት ሰው ቢጠቀምበት ጌሙ የሦስቱም ሲሆን ድካሙ የየራሳቸው ነው። ጠላ ቤቱ የሁሉም ነው፣ ስካሩ የየሰው። ስለዚህ የጌሙን ፎልደር በፍላሽ ይዞ የሄደ ሰው ጠላ ቤቱን ተሸክሞ ሄደ እንጂ ሌላ ምንም አልያዘም።

የቆዩት ጌሞች ይህን ያህል አያስቸግሩም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2005 ለኮምፒውተር የወጣው ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ ዶክመንትስ ውስጥ በራሱ ስም ፎልደር ይከፍታል፤ ስምንት የማስቀመጫ ቦታ አለው፤ እያንዳንዱ ቦታ አንድ ትንሽ ፋይል ነው፤ ቁጥሩ ራሱ የፋይሉ ስም ላይ አለ። ዶክመንትስን የገለበጠ ሰው ሳያውቀው ያተርፈዋል። ችግሩ የመጣው ገሚሱ ጌም አፕ ዳታ ወደሚባለው ፎልደር ሲገባ ነው። ይህ ፎልደር ከነመኖሩም አይታይም፤ ዊንዶውስ አውቆ ደብቆታል። በውስጡ ደግሞ ሎካል፣ ሎካል ሎው እና ሮሚንግ የሚባሉ ሦስት ክፍሎች አሉት። ስታርዲው ቫሊ በሮሚንግ ውስጥ ነው የሚኖረው። ዩኒቲ በሚባለው መሥሪያ የተሠሩ ብዙ ጌሞች ሎካል ሎው ውስጥ ይገባሉ፤ ያውም በጌሙ ስም ሳይሆን መጀመሪያ በሠሪው ድርጅት ስም። ጌሙን የሠራው ማን እንደሆነ የማያውቅ ሰው በር በር እያንኳኳ ይዞራል። የድሮ ጌም ሆኖ ራሱ በተጫነበት ፎልደር ውስጥ ለመጻፍ የሚሞክርም አለ፤ እ.ኤ.አ. በ2007 ከወጣው ቪስታ ጀምሮ ዊንዶውስ ይህን አይፈቅድም፣ ግን አይከለክልምም፤ «እሺ» ብሎ ተቀብሎ ቨርችዋል ስቶር በሚባል ስውር ጓዳ ያስቀምጥለታል። ጌሙ ያለሁት ቤቴ ነው ይላል፤ ፋይሉ ግን ሌላ ቤት አድሯል። እንዲህ ያለ የትሕትና ማታለል በሰው ላይ እንጂ በማሽን ላይ አላየሁም ነበር።

ወደ ድብቁ ፎልደር መግቢያው ቀላል ነው። የዊንዶውስ ቁልፍንና አር ፊደልን አንድ ላይ ሲጫኑ በሚወጣው ትንሽ ሳጥን፣ አፕ ዳታ የሚለውን ቃል በላቲን ፊደል ሳይለያዩ፣ ከፊትና ከኋላው የመቶኛ ምልክት አድርጎ መጻፍ ነው። ሮሚንግ ወዲያው ይከፈታል። ይህን የማውቀው ከብዙ ጊዜ ጀምሮ ነው። ሰውን የሚያሳፍረውም ይኸው ነው፤ እያወቅሁ ነው ያላደረግሁት። «ሁሉንም ገልብጫለሁ» ስል ሁሉንም ያልሁት እኔ የማየውን ነበር።

ለነገሩ እኔ ጌም ሲጠፋ ያደግሁ ሰው ነኝ። የልጅነቴ ፕሌይ ስቴሽን ቤት አንዲት ሚሞሪ ካርድ ነበረችው፤ 128 ኪሎባይት፣ ለተጫዋች የሚሆን 15 ቦታ። ለአንድ ሰፈር ልጅ 15 ቦታ! አንዳንዱ ጌም ብቻውን ብዙ ቦታ ይይዛል። አዲስ መጪ ቦታ ሲያጣ የሌላውን ይደመስሳል፤ ጠብ የሚነሣውም በዚያ ነው። አንድ ጓደኛችን ካርዷን ነቅሎ በካልሲው ውስጥ ይዞ ሲወጣ ተይዞ ለሁለት ሳምንት ከቤቱ ታግዷል። በነገራችን ላይ ከዚያም በፊት የነበሩት የባሱ ናቸው፤ ኒንቴንዶ እ.ኤ.አ. በ1987 አሜሪካ ያስገባት የዜልዳ ጌም ካሴት ውስጧ ባትሪ ነበራት፤ የተጫዋቹ ድካም የሚቆየው የባትሪው ድንጋይ እስካለ ድረስ ነው። ድንጋዩ ሲሞት ታሪክም አብሮ ይሞታል።

ኋላ ኮምፒውተር ቤት መመላለስ ስንጀምር ሌላ መከራ ገጠመን። ማሽኖቹ በተነሡ ቁጥር ራሳቸውን ወደ ትናንትናቸው የሚመልስ ፕሮግራም ተጭኖባቸዋል። ለባለቤቱ ግሩም ነው፤ ቫይረስ ቢገባ፣ ደንበኛ ቢያበላሸው፣ አጥፍቶ ማብራት ይበቃዋል። ለእኛ ግን እሑድ ያሸነፍነው ውድድር ሰኞ የለም። በመጨረሻ ዘዴው ተገኘ፤ ሰዓት ሳይሞላ የማስቀመጫ ፋይሏን በፍላሽ ይዞ መውጣት። ፍላሹም ቢሆን ቅዱስ አልነበረም። አቋራጭ የሚሠራው ቫይረስ ዘመን ነው፤ ቤት ሄደህ ስትከፍተው ፎልደሮችህ ጠፍተው ቀስት ያለበት አንድ ምልክት ብቻ ታገኛለህ። ፋይሉ አልጠፋም፣ የተደበቀ ምልክት ተለጥፎበት ነው። አትሪብ የሚለውን ትእዛዝ በጥቁሩ መስኮት ጽፎ መግለጥ የሚችል ልጅ በሰፈሩ እንደ ደብተራ ይከበር ነበር። ያ ልጅ እኔ ነበርሁ። «ኮምፒውተር ያውቃል» የሚለው ስም የወጣልኝ ያኔ ነው፤ ይኸው እስከ ዛሬ ሳይጣራ ተሸክሜዋለሁ።

እሑድ ጠዋት በጊዜ እህቴ ቤት ደረስሁ። ኮምፒውተሩን ከመሰኪያው ነቀልሁትና «ማንም እንዳይነካው» አልሁ። ነገሩ እንዲህ ነው፤ ፈጣኑ ፎርማት የመጽሐፉን ማውጫ ቀድዶ ይጥላል እንጂ ገጾቹን አያቃጥልም። የድሮው ፋይል አዲስ ነገር እስኪጻፍበት ድረስ እዚያው አለ፤ እያንዳንዷ የአገልግሎት ደቂቃ ግን አንድ ተጨማሪ ገጽ ልትሰርዝ ትችላለች። በአዲሶቹ፣ የሚሽከረከር አካል በሌላቸው ኤስኤስዲ ዲስኮች ቢሆን ይህም ተስፋ የለም ማለት ይቻላል፤ ዊንዶውስ ፎርማት ሲያደርግ ዲስኩን «ይህ አያስፈልግም» ይለዋል፣ ዲስኩም ቃሉን አክብሮ ያጸዳዋል። የእህቴ ዲስክ እድሜ ለድህነት የሚሽከረከረው ዓይነት ነው፤ 500 ጊጋባይት። እኔ የጻፍሁበት አዲሱን ዊንዶውስ፣ ጥቂት ፕሮግራሞችና የመለስኋቸውን ፋይሎች ነው። ዕድል አለን አልሁ፤ ለልጅቷ ግን አልነገርኋትም።

ዲስኩን ፈትቼ ኮምፒውተር ጠጋኝ ወደሆነ ወዳጄ ሱቅ ወሰድሁት። ከሱ ማሽን ጋር እንደ ሁለተኛ ዲስክ አገናኝተን፣ የጠፋ ፋይል የሚያስስ ፕሮግራም ለቀቅንበት። ከጠዋቱ 4 ሰዓት የጀመረው ዘጠኝ ሰዓት ላይ 60 በመቶ ደርሶ መብራት ሄደ። ሰኞ እንደገና ከዜሮ ጀመርን፤ ጨረሰ። ያወጣልን ግን ስም የለሽ ፋይል ክምር ነው፤ ማውጫው ተቀድዷልና የትኛው ገጽ የየትኛው መጽሐፍ እንደሆነ የሚነግር የለም። እዚህ ላይ ነው የስታርዲው ቫሊ ደግነት የታየው። ብዙ ጌሞች ማስቀመጫቸውን ሰው በማያነበው ቁጥር ይጽፋሉ፤ ይህ ግን በተራ ጽሑፍ ነው የሚጽፈው፤ በኖትፓድ ከፍተህ ታነበዋለህ። ስለዚህ ከክምሩ ውስጥ የእርሻ ስም የሚለውን የእንግሊዝኛ ምልክት የያዘ ፋይል ፈልግ አልነው። ሁለት አወጣ።

የመጀመሪያው ትልቁ ፋይል ነው፤ እርሻው፣ ሰብሉ፣ በረቱ ያለበት። መሐሉ ላይ ተቆርጦ ቀሪው የአዲሱ ዊንዶውስ ፍርስራሽ ሆኗል። ጌሙ እንዲህ ያለውን አይቀበልም። እንደ ወጉ ከትልቁ ፋይል አጠገብ ያለፈው ቀን ቅጂ፣ በስሙ መጨረሻ «አሮጌ» የሚል ቃል ያለበት፣ ይቀመጥ ነበር፤ ዋናው ቢበላሽ የዚያን ስም አስተካክሎ መተካት ይቻላል። እሱም የለም። ሁለተኛው ትንሹ ፋይል ሙሉውን ተገኘ። ይህ ግን እርሻው ሳይሆን የገበሬዋ መታወቂያ ነው፤ ጌሙ ሲከፈት የተቀመጡትን ሰዎች ዝርዝር ለማሳየት የሚያነበው።

አንብቤዋለሁ። ስም፣ የልጅቷ። እርሻ፣ ዘጌ። ጌሙ ሲጀመር «የምትወደው ነገር ምንድን ነው?» ብሎ ይጠይቃል፤ መልሷ «አምባዛ» ይላል። ቤቷ አምባዛ ሲቀርብ አፍንጫዋን ይዛ የምትነሣ ልጅ! የተጫወተችበት ጊዜም በሚሊ ሰከንድ ተመዝግቧል፤ 219 ሚሊዮን ከምናምን። ባካፍለው 61 ሰዓት ሆነ፤ ከግምቴ በአራት ይበልጣል። ሻንጣዋን ከፍታ ስታስብ የእርሻው ሰዓት ይቆማል፣ የሚሊ ሰከንዱ ቆጠራ ግን አይቆምም። መብራት የበላቸው ቀኖች ደግሞ እዚህ ውስጥ የሉም። እነሱን የሚያውቃቸው እሷ ብቻ ናት።

ማክሰኞ ዲስኩን መልሼ ገጠምሁና እውነቱን ነገርኋት። አዲስ እርሻ ጀምረን ፋይሉን በኖትፓድ ከፍቼ አሳየኋት፤ የድሮ ገንዘቧን፣ የግብርናና የዓሣ ማጥመድ ደረጃዋን እዚህ ጋር ብጽፈው ጌሙ እንደሚያምን ነገርኋት። ዝም ብላ አሰበች።

«ቡሬስ?»

ቡሬ ላሟ ናት። ከብቶቹ ያሉት በተቆረጠው ፋይል ውስጥ ነው።

«ቡሬ አልተገኘችም።»

«ገንዘቡን ጻፈው፤ አንተ ነህ ያጠፋኸው። ደረጃውን ግን ተወው፣ እኔ እሠራዋለሁ።»

በገጠር ሽምግልና ላይ ተቀምጫለሁ፤ እንዲህ በአጭሩ የተፈረደ ካሳ አላስታውስም። ገንዘቡን ጻፍሁ። በረት እንደሠራች አዲስ ላም ገዛችና ስሟን ካሳ አለቻት።

ፍርዱ በዚያ አላበቃም፤ እውነተኛዋን ዘጌ ካላየሁ አለች። በሚቀጥለው እሑድ በጀልባ ተሻገርን፤ አንድ ሰዓት ያህል ነው። ወደ ኡራ ኪዳነ ምሕረት ገዳም በሚወስደው መንገድ ላይ፣ ከትልልቆቹ ዛፎች ሥር ያለውን ቡና እያየች ሄደች። ፍሬው ገና አረንጓዴ ነው። በዘጌ በሬ ጠምዶ ማረስ ከጥንት ጀምሮ ክልክል እንደሆነ፣ አቡነ በትረ ማርያም በትራቸውን ለሦስት ሰብረው ቢተክሉት አንዱ ቡና፣ አንዱ ጌሾ፣ አንዱ ሎሚ ሆኖ በቀለ እየተባለ እንደሚነገር አወራኋት። የሷ ዘጌ ውስጥ ቡናው የሚደርሰው በ10 ቀን ነው፤ በየቀኑ ውኃ ማጠጣትም ግድ ነው። «እዚህ ማን ነው የሚያጠጣው?» አለች። ማንም አልሁ። ቀና ብላ ዛፎቹን አየችና በጌሙ ውስጥ እንዲህ ያለ ጥላ እንደሌለ በቅሬታ ነገረችኝ።

ከዚያ ወዲህ የምታደርገውን ልንገራችሁ። ያ ጌም ከእጅ ወደ እጅ በሃርድ ዲስክ የመጣ ነውና ደመና በሚባለው የኢንተርኔት ማከማቻ ላይ ቅጂ የሚያስቀምጥለት ባለቤት የለውም። ስለዚህ በየሳምንቱ እሑድ ሮሚንግን ራሷ ትከፍትና የእርሻዋን ፎልደር ወደ አንዲት ቀይ ፍላሽ ትገለብጣለች፤ ፎልደሩንም በዕለቱ ቀን ትሰይመዋለች። ቀን መጻፉን ያስተማርኋት እኔ ነኝ፤ ብዙ ሰው የሚጎዳው ባለመገልበጥ ሳይሆን ገልባጩ ተሳስቶ አሮጌውን በአዲሱ ላይ ሲደርብ ነው። ፍላሿን እርሳስ መያዣዋ ውስጥ ትከታለች።

ባለፈው ለቡና ስሄድ ቅጂው በትክክል መያዙን በእኔ ላፕቶፕ ላይ እንሞክረው ብዬ ፍላሹን ጠየቅኋት። ያልተሞከረ ቅጂ ቅጂ አይባልም ብዬም አስረዳኋት። አመነችኝ። እርሳስ መያዣዋን ከፍታ ፍላሹን አወጣች፣ በራሷ እጅ ላፕቶፔ ላይ ሰካችው፣ ከዚያ ወንበሩን ወደ ኋላ ገፋ አድርጋ ጠቆመችኝ።

«እዚያ ሆነህ እይ፤ እንዳትነካ።»